«ሊያ» ማለት ምን ማለት ነው? የስም ትርጉምን እውነትነት ስለ መመርመር

ጥያቄ፦ «የመጀመሪያ ልጃችንን እየጠበቅን ነው፤ ሴት እንደሆነች ተነግሮናል። ‹ሊያ› የሚለውን ስም ወደድነው። ትርጉሙን ስንፈልግ ግን አንዱ ድረ ገጽ ‹የደከመች›፣ ሌላው ‹እንስት አንበሳ›፣ ሦስተኛው ‹የምሥራች አብሳሪ› ይላል። ትክክለኛው የትኛው ነው? የአንድ ስም ትርጉም እውነት መሆኑንስ ራሳችን እንዴት ማረጋገጥ እንችላለን? ትርጉሙን በማስታወሻ ደብተሯ የመጀመሪያ ገጽ ላይ ልንጽፈው አስበናል።»

ምላሽ፦

ሦስቱ ድረ ገጾች የተለያዩት ስለ አንድ ስም ስላልተናገሩ ነው። «ሊያ» ተብሎ በፊደላችን ሲጻፍ ቢያንስ ሦስት የተለያየ መነሻ ያላቸው ነገሮች አንድ መልክ ይይዛሉ። አንደኛው በኦሪት ዘፍጥረት የላባ ልጅና የያዕቆብ ሚስት የሆነችው፣ በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ «ልያ» ተብላ የተጻፈችው ሴት የዕብራይስጥ ስም ነው። ሁለተኛው በጣሊያንኛና በግሪክኛ ረጃጅም ስሞች ሲቆረጡ የሚቀረው መጨረሻቸው ነው፤ «ሮዛሊያ»፣ «አማሊያ» ወይም «ኤቫንጌሊያ» የተባለች ሴት በቤተሰቧ ዘንድ «ሊያ» ልትባል ትችላለች። ሦስተኛው ደግሞ ከነጭራሹ ስም አይደለም፤ በላቲን ሥነ ግጥም ውስጥ እንስት አንበሳን የሚያመለክት «ሌያ» የሚባል ቃል ነው።

ከዚህ በመነሣት ሁለቱን ትርጉሞች ቶሎ ማሰናበት ይቻላል። እንስት አንበሳዋ የመጣችው ዛሬ በጀርመንኛና በፈረንሳይኛ «ሌአ» ተብሎ የሚጠራው ስም ከላቲኑ ቃል ጋር ስለተመሳሰለ ብቻ ነው፤ ስሙ ግን በእነዚያ ቋንቋዎች የመጽሐፍ ቅዱሷ የልያ ስም ነው። የምሥራቹም እንዲሁ የ«ኤቫንጌሊያ» እንጂ የ«ሊያ» አይደለም። «ኤቫንጌሊያ» እኛ «ወንጌል» ከምንለው ቃል ጋር አንድ ምንጭ ያለው በመሆኑ ትርጉሙ ለሙሉው ስም ትክክል ነው፤ የተቆረጠው ክፍል ብቻውን ግን ምንም አይናገርም። «ሊያ» የ«አማሊያ» ቁራጭ በሆነበት ቤት የምሥራቹ ከየት ይመጣል?

የሚቀረው የዕብራይስጡ ስም ነው፤ እውነተኛው ክርክርም ያለው እዚህ ላይ ነው። ስሙ የሚጻፈው በላሜድ፣ በአሌፍና በሄ ነው። በእነዚሁ ሦስት ፊደላት የሚጻፍ፣ «ደከመ፣ ታከተ» የሚል ፍቺ ያለው የዕብራይስጥ ግስ አለ፤ «የደከመች» የሚለው ትርጉም የመጣው ከዚያ ነው። ፊደላቱ አንድ በመሆናቸው ግምቱ መሠረት የለውም ማለት አይቻልም። ነገር ግን ሌላ አማራጭ አለ፦ በጥንታዊቷ መስጴጦምያ ይነገር በነበረው ሴማዊ ቋንቋ በአካድኛ «ሊቱ» ማለት ላም ማለት ሲሆን በዐረብኛም የዱር ላምን የሚያመለክት ተቀራራቢ ቃል ይገኛል፤ ስለዚህ በርካታ የሴማዊ ቋንቋዎች ሊቃውንት ስሙን ከላም ጋር ያገናኙታል። እኔም ወደዚህኛው አዘነብላለሁ። ምክንያቴም የእህቷ ስም ነው፤ «ራሔል» በዕብራይስጥ ያለ ምንም ጥርጥር «እንስት በግ» ማለት ነው። የመንጋ ባለቤት የሆነ አባት ሁለት ሴቶች ልጆቹን አንዷን በላም፣ ሌላዋን በበግ ስም መጥራቱ፣ ታላቂቱን «የታከተች» ብሎ ታናሺቱን «በግ» ከማለቱ ይልቅ ለአእምሮ ይቀርባል። ይሁን እንጂ ይህ ሚዛን የደፋ ግምት ነው እንጂ የተቆረጠ ነገር አይደለም።

ለሁለተኛው ጥያቄዎ የምሰጠው መልስም ከዚሁ አሠራር የሚወጣ ነው። «ምን ማለት ነው?» ከማለት በፊት «የየትኛው ቋንቋ ስም ነው? በዚያ ቋንቋ ፊደል እንዴት ይጻፋል? መጀመሪያ የት ተጽፎ ተገኘ?» ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል። እነዚህ ሦስቱ ሲመለሱ ትርጉሙ አብዛኛውን ጊዜ ራሱ ይወጣል፤ ሳይመለሱ የተሰጠ ትርጉም ግን የቱንም ያህል ቢያምር ወሬ ነው። «መነሻው አፍሪካዊ»፣ «የሕንድ ስም»፣ «ጥንታዊ» የሚሉ መግለጫዎችም መነሻ አልነገሩንም፤ በአፍሪካ ብቻ ከ1000 በላይ ቋንቋዎች ይነገራሉና ቋንቋው ያልተጠቀሰለት «አፍሪካዊ ትርጉም» ሊመረመር እንኳ አይችልም።

ብዙ ድረ ገጾች አንድ ዓይነት ትርጉም መስጠታቸውም ማስረጃ አይሆንም፤ አብዛኞቹ አንዱ ከሌላው የሚገለብጡ ስለሆኑ ሃያ ምስክር የሚመስለው አንድ ምስክር ሊሆን ይችላል። የዚህ ጥሩ ምሳሌ «ቫኔሳ» ነው። በየዝርዝሩ «በግሪክኛ ቢራቢሮ ማለት ነው» ተብሎ ይጻፋል። ስሙን የፈጠረው ግን የአየርላንዱ ጸሐፊ ጆናታን ስዊፍት ነው፤ ኤስተር ቫንሆምሪ ለተባለች ወዳጁ ከቤተሰብ ስሟ መነሻ «ቫን»ን ወስዶ፣ ከ«ኤስተር» በወጣ ቁልምጫ አስከትሎ የሠራው ሲሆን፣ ስሙ ያለበት ግጥም እ.ኤ.አ. በ1726 ታትሟል። የነፍሳት ተመራማሪው ፋብሪሲየስ አንድን የቢራቢሮ ወገን «ቫኔሳ» ብሎ የሰየመው እ.ኤ.አ. በ1807 ነው። ቢራቢሮዋ በስሙ ተጠራች እንጂ ስሙ ከቢራቢሮ አልመጣም፤ ግሪክኛም በነገሩ ውስጥ የለበትም። ሁለቱን ዓመታት ጎን ለጎን ያስቀመጠ ሰው ስሕተቱን ወዲያው ያየዋል፤ ለዚህም ነው «መጀመሪያ የት ተጽፎ ተገኘ?» የሚለውን ጥያቄ ከሁሉ አስቀድሜ የማነሣው።

«ቬሮኒካ»ም ከዚህ ብዙ አትርቅም። «እውነተኛ ምስል» ማለት ነው የሚለው ትርጉም በመካከለኛው ዘመን የተስፋፋ ሲሆን፣ «ቬራ» የሚለውን የላቲን ቃል «ኢኮን» ከሚለው የግሪክ ቃል ጋር በማጋጠም የተሠራ ነው። ግማሹ ከአንድ ቋንቋ፣ ግማሹ ከሌላ የተቀጠለ ማብራሪያ ሲያጋጥም መጠራጠር ተገቢ ነው። ስሙ በእርግጥ የመጣው በሐዋርያት ሥራ «በርኒቄ» ተብሎ ከምናውቀው የመቄዶንያ ግሪኮች ስም ሲሆን ትርጉሙም «ድል አምጪ» ነው። እንዲህ ያለውን፣ ከስሙ ድምፅ ተነሥቶ በኋላ ዘመን የሚፈጠር ማብራሪያ ሕዝባዊ ሥርወ ቃል እንለዋለን።

በቅዱሳት መጻሕፍት ውስጥ የሚሰጡ የስም ማብራሪያዎችን በተመለከተ ብዙ ወላጆች ስለሚጨነቁ ጥቂት ላብራራ። በኦሪት ዘጸአት የፈርዖን ልጅ ሕፃኑን ከውኃ ስላወጣችው «ሙሴ» እንዳለችው ተጽፏል፤ ይህም «አወጣ» ከሚለው የዕብራይስጥ ግስ ጋር የተገናኘ ነው። የግብፅን ቋንቋ ያጠኑ ሊቃውንት ግን ስሙን «ተወለደ፣ ልጅ» ከሚለውና «ቱትሞስ» በሚለው የፈርዖኖች ስም መጨረሻ ላይ ከምናገኘው የግብፅ ቃል ጋር ያዛምዱታል። ሳሙኤልም እንዲሁ ነው፤ እናቱ ሐና «ከእግዚአብሔር ለምኜዋለሁ» ብላ ስሙን አወጣችለት ይላል፤ «የተለመነ» የሚለው ቃል ግን በዕብራይስጥ በቀጥታ የሚገጥመው «ሳኦል» ከሚለው ስም ጋር ነው፤ «ሳሙኤል» በአወቃቀሩ «ስም» ከሚለውና «አምላክ» ከሚለው ቃል የተሠራ ይመስላል። ይህ ማለት የቅዱሱ ጽሑፍ ማብራሪያ ይጣላል ማለት አይደለም። ጽሑፉ ስሙ በታሪኩ ውስጥ ምን እንደሚያስታውስ ይነግረናል፤ የቋንቋ ጥናት ደግሞ ቃሉ ከምን እንደተሠራ ይነግረናል። ሁለቱ የተለያዩ ጥያቄዎችን ስለሚመልሱ አንዱን በሌላው ማፍረስ አስፈላጊ አይደለም፤ ድረ ገጹ የትኛውን እየነገረዎት እንደሆነ ለይቶ ማወቅ ግን ያስፈልጋል።

በ«ኤል» የሚያልቅ ስም ሁሉ የአምላክ ስም አለበት የሚለው እምነትም መታረም አለበት። «ሚካኤል»፣ «ዳንኤል»፣ «ሩፋኤል» ላይ እውነት ነው፤ «ራሔል» ላይ ግን ከላይ እንዳልኩት ቃሉ በሙሉ የበግ ስም ነው እንጂ በውስጡ «ኤል» የለበትም። «ሚካኤል» ራሱ ብዙ ጊዜ «አምላክን የሚመስል» ተብሎ ይተረጎማል፤ ስሙ ግን ጥያቄ ነው፦ «እንደ አምላክ ያለ ማን ነው?» የሚጠበቀውም መልስ «ማንም» ነው። ትርጉሙን አጣመው ሲያቀርቡት ስሙ ከሚለው ተቃራኒውን አስባሉት።

የተርጓሚዎች ሁሉ ትልቁ ፈተና ግን ማጣፈጥ ነው። የስም ዝርዝር የሚያዘጋጁ ሰዎች ደስ የማይል ትርጉም ያለው ስም ለወላጅ ማቅረብ አይፈልጉም። «ካሌብ»ን እንውሰድ፤ በዝርዝሮቹ «ታማኝ»፣ «በሙሉ ልቡ የሚያገለግል» ይባላል። ብዙ ሊቃውንት የሚያዛምዱት ግን በግዕዝም «ከልብ» ከምንለው ቃል፣ ማለትም ከውሻ ጋር ነው። የዕብራይስጡን «ካሌብ» በአማርኛው «ከልብ» ሰምቶ «ከልቡ የሆነ» ብሎ የሚተረጉም ሰውም አጋጥሞኛል፤ ነገሩ ቢያስቅም በግዕዝ ቃሉ ምን እንደሆነ ያለማስተዋል ነው። «ክላውዲያ» አንካሳ፣ «ሴሲሊያ» ዕውር፣ «ጳውሎስ» ትንሽ ከሚሉ የላቲን ቃላት የወጡ ናቸው፤ እነዚህን ስሞች የያዙ ሰዎችም ምንም አልጎደለባቸውም። በዐረብኛ «ለይላ» ከሌሊት ጋር የተያያዘ ስም ነው፤ የእኛው «ሌሊት» ከሚለው ቃል ጋር የዘር ዝምድና አለው። «ጠይም ቆንጆ» የሚለው ግን የአጣፋጮች ጭማሪ ነው። ስለዚህ እያንዳንዱ ስም «ብሩህ»፣ «ክቡር»፣ «ጀግና»፣ «ውብ» ብቻ በሚባልበት ዝርዝር ላይ አይመኩ። የስሙ ባለቤት ምን ዓይነት ጠባይ እንደሚኖረው በቁጥር አስልቶ የሚነግር ገጽ ከሆነ ደግሞ ንባቡን እዚያው ላይ ማቆም ነው።

ማጣፈጥ በቃላት ምርጫ ብቻ ሳይሆን በአገጣጠምም ይመጣል። የጥንት ጀርመናውያን ስሞች አብዛኞቹ ከሁለት ቃላት የተሠሩ ናቸው፤ «ፍሪድሪኽ» ለምሳሌ «ሰላም» እና «ኃያል፣ ገዢ» ከሚሉ ቃላት ተሠርቷል። ድረ ገጾቹ «ሰላማዊ ገዢ» ብለው አንድ ሐረግ ያደርጉታል። ሆኖም ስም አውጪዎቹ ቃላቱን የሚያጋጥሙት ብዙውን ጊዜ ሐረግ ለመሥራት ሳይሆን ዘመድነትን ለማሳየት ነበር። ተመሳሳይ የአሰያየም ልማድ በነበራት በእንግሊዝ፣ በ11ኛው መቶ ዘመን የዎስተር ከተማ ጳጳስ የነበረው ዉልፍስታን አባቱ አቴልስታን፣ እናቱ ዉልፍጊፉ ይባሉ ነበር፤ ከእናቱ ስም «ተኩላ»ን፣ ከአባቱ ስም «ድንጋይ»ን ወሰደ። «የድንጋይ ተኩላ» ብሎ መተርጎም ትርጉም የለሽ ነው፤ ስሙ የሚለው «የእነዚህ የሁለቱ ልጅ ነው» ነው። እንዲህ ላሉ ስሞች ቃላቱን ለየብቻ መጥቀስና እዚያው ላይ ማቆም ይበቃል።

በግዕዝ ስሞች ላይ እኛ ከማንም የተሻለ ዕድል አለን፤ ሆኖም ፊደሉን በጥንቃቄ ካልያዝን ዕድሉ ያመልጠናል። በዛሬው አማርኛ ሠ እና ሰ፣ አ እና ዐ በድምፅ ስለማይለዩ እንዳገኘን እንጽፋቸዋለን፤ በግዕዝ ግን ልዩነታቸው የትርጉም ልዩነት ነው። «ሠረቀ» በንጉሡ ሠ «ወጣ፣ በራ» ማለት ሲሆን «ሰረቀ» በእሳቱ ሰ ግን ሌብነት ነው፤ «ሠርቀ ብርሃን» የሚለውን ስም በሰ ጽፎ ትርጉሙን የሚፈልግ ሰው የብርሃን መውጣትን ትቶ የብርሃን ስርቆት ላይ ይደርሳል። «አመት» በአልፍ አ ሴት አገልጋይ፣ «ዓመት» በዓይኑ ዐ ደግሞ የጊዜ መለኪያ ነው፤ «አመተ ማርያም» የማርያም አገልጋይ እንጂ የማርያም ዓመት አይደለችም። ስለዚህ የግዕዝ ስም ሲያጋጥምዎ መጀመሪያ ትክክለኛውን ፊደል ይለዩ፤ ቀጥሎ በ1948 ዓ.ም. የታተመውን የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌን መዝገበ ቃላት ይክፈቱ። በዚያ ቃላቱ በግሳቸው ሥር ስለተደረደሩ፣ ስሙ ከየትኛው ግስ እንደሚወጣ ሳያውቁ ፍለጋው አይሳካም፤ አስቸጋሪ ቢመስልም ይህ ራሱ ግማሽ ምርመራ ነው።

የዐረብኛ ስሞችም በሦስት ፊደላት ሥር የሚመሩ ስለሆኑ አመራመሩ ተመሳሳይ ነው። በዐረብኛ አናባቢ ሳይጨመርባቸው ሲጻፉ «መሊክ» (ንጉሥ) እና «መለክ» (መልአክ) አንድ ዓይነት ናቸው፤ «ማሊክ» (ባለቤት፣ ባለ ንብረት) ደግሞ አናባቢው ረዝሞ ይጻፋል። በላቲን ፊደል በተጻፉ ዝርዝሮች ሦስቱ ስለሚደበላለቁ የአንዱ ትርጉም ለሌላው ሲሰጥ ይታያል። እዚህ ላይ የእኛ ፊደል ይሻላል፤ ሦስቱን ለይቶ መጻፍ ይችላልና። የኤድዋርድ ሌን የዐረብኛ መዝገበ ቃላት፣ እ.ኤ.አ. ከ1863 ጀምሮ በተከታታይ የታተመው፣ በኢንተርኔት በነፃ ይገኛል፤ በሥሩ ፊደላት ገብቶ መፈለግ ነው።

ለሌሎቹ ቋንቋዎችም አስተማማኝ መሣሪያዎች አሉ። ለዕብራይስጥ እ.ኤ.አ. በ1906 የወጣው የብራውን፣ የድራይቨርና የብሪግስ መዝገበ ቃላት ዛሬም ያገለግላል፤ ከዚያ ወዲህ የተገኘው የአካድኛና የሌሎች ዘመድ ቋንቋዎች ዕውቀት ግን ብዙ ስለሆነ በአዲስ መዝገበ ቃላት ማመሳከሩ ይመከራል። የግሪክ ስም «ጥንታዊ ነው» ሲባል፣ የኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. ከ1987 ጀምሮ ያሳተሙት የግሪክ ስመ ተጸውዖ መዝገብ ስሙ በድንጋይ ጽሑፍም ሆነ በሌላ ምንጭ የት እንደተገኘ ያሳያል። የአሜሪካ ሶሻል ሴኩሪቲ (የማኅበራዊ ዋስትና) አስተዳደር የሚያወጣው የሕፃናት ስም መረጃ ከ1880 ጀምሮ ላሉ ልደቶች ቢያንስ 5 ሕፃናት በአንድ ዓመት የተጠሩባቸውን ስሞች ይዘረዝራል፤ ትርጉም አይሰጥም፤ ነገር ግን «ጥንታዊ የእንግሊዝኛ ስም» የተባለው በዚያ መዝገብ ብቅ ያለው በቅርብ ዐሥርት ዓመታት ብቻ ከሆነ ጥርጣሬዎ መሠረት ያገኛል። ከድረ ገጾች መካከል ቢሀይንድ ዘ ኔም ከብዙዎቹ የተሻለ ነው፤ ስሙን በመነሻው ፊደል ስለሚያስቀምጥና እርግጠኛ ባልሆነበት ቦታ «እርግጠኛ አይደለም» ብሎ ስለሚጽፍ ነው። በዚያም ቢሆን ተጠቃሚዎች ራሳቸው ያስገቧቸው ስሞች ለብቻቸው ተለይተው የተቀመጡ ስለሆኑ በየትኛው ክፍል እያነበቡ እንደሆነ ያስተውሉ።

የቋንቋውን ተናጋሪ መጠየቅም ይጠቅማል፤ ስሙ ዛሬ በጆሮ እንዴት እንደሚሰማና የማይፈለግ ትርጉም እንዳለው እንደ እርሱ የሚነግርዎ የለም። ስለ ጥንታዊ መነሻው ግን ተናጋሪ መሆን ብቻውን ባለሙያ አያደርግም፤ እኛም አማርኛ ስለተናገርን የአማርኛን ቃላት ሁሉ መነሻ እናውቃለን ማለት አይደለም። በሰው ሠራሽ አስተውሎት የሚሠሩ መልስ ሰጪዎችም በየድረ ገጹ የተገለበጠውን ተምረው በልበ ሙሉነት ስለሚደግሙት፣ መልሳቸውን እንደ ፍንጭ ወስዶ ስሙን በመነሻው ፊደል እንዲጽፉ፣ የመዝገበ ቃላቱንም ቃል እንዲጠቅሱ መጠየቅ፣ ከዚያም መዝገበ ቃላቱን ራስዎ ማየት ይኖርብዎታል።

አንድ ነገር ልጨምር። ታላላቅ ስሞችም ሳይቀሩ ያልተፈታ መነሻ ሊኖራቸው ይችላል። «ማርያም» ለሚለው ስም «መራራ»፣ «ዐመፅ»፣ «የተወደደች» የሚሉና ሌሎችም ትርጉሞች ቀርበዋል፤ በምዕራቡ ዓለም እጅግ የታወቀው «የባሕር ኮከብ» የሚለው ደግሞ ብዙ ሊቃውንት እንደሚያስረዱት መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ላቲን የተረጎመው የቅዱስ ጄሮም «ስቲላ ማሪስ»፣ የባሕር ጠብታ፣ በገልባጮች እጅ «ስቴላ ማሪስ» ስለሆነ የመጣ ነው። አንድ ፊደል ተለውጦ ጠብታው ኮከብ ሆነ። «ካትሪን» ከ«ንጹሕ» ጋር የተገናኘውም በኋላ ዘመን ነው፤ የመጀመሪያው መነሻው ዛሬም ያከራክራል። ስለዚህ «አይታወቅም» የሚል ምንጭ ሲያጋጥምዎ አላዋቂ ነው ብለው አይለፉት፤ በዚህ ሙያ ውስጥ ብዙውን ጊዜ የበለጠ ያነበበው እርሱ ነው።

ወደ ደብተሩ እንመለስ። ስሙን የመረጡት ከመጽሐፍ ቅዱሷ ሴት ተነሥተው ከሆነ አጻጻፉን «ልያ» ብታደርጉት መነሻው ግልጽ ይሆናል፤ ድምፁን ወድዳችሁት ብቻ ከሆነም «ሊያ» ማለት ምንም ነውር የለበትም። በመጀመሪያው ገጽ ላይ ግን እንዲህ ብትጽፉ እመክራለሁ፦ «ከዕብራይስጥ፤ የላባ ልጅ፣ የራሔል ታላቅ እህት ስም። የቃሉ ፍቺ በሊቃውንት ዘንድ አልተቆረጠም፤ ‹ላም› ወይም ‹የደከመች› ሊሆን ይችላል።» ከሥሩም እናንተ ስሙን የመረጣችሁበትን ምክንያት ጨምሩበት፤ እርሱን ከእናንተ በቀር ሊነግራት የሚችል መዝገበ ቃላት የለም።